አን ኮትስና የፊልም ቅንብር

ፊልም ተመልክቶ የሚወጣ ሰው ስለ ተዋናዩ ያወራል፤ ነገሩ ጠለቅ ብሎ የገባው ደግሞ ስለ አዘጋጁ ይከራከራል። ስለ አቀናባሪው የሚናገር ግን እምብዛም አይገኝም። ቅንብር ሲሰምር ስለማይታይ ይህ አያስገርምም። እኔ ግን ከዚህ ሙያ ሰዎች መካከል የእንግሊዛዊቷን የአን ኮትስን ሥራ ለብቻው ማንሣት እወዳለሁ።

ኮትስ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1925 ተወለደች። ወደ ፊልም ከመግባቷ በፊት፣ በጦርነት ፊታቸው የተቃጠለ አብራሪዎች በቀዶ ጥገና በሚታከሙበት በኢስት ግሪንስቴድ ሆስፒታል በነርስነት አገልግላለች። ምኞቷ አዘጋጅ መሆን ነበር፤ ይሁን እንጂ በዚያ ዘመን በእንግሊዝ ስቱዲዮዎች ለሴት ክፍት የነበረው ሙያ ጥቂት ስለ ነበር ቅንብርን መረጠች። የፊልም ባለሀብቱ ጄ. አርተር ራንክ አጎቷ መሆኑ መግቢያውን ሳያቀልላት አልቀረም። ከዚያ ወዲህ ያለው የራሷ ድካም ነው።

ዴቪድ ሊን በ1962 ለታየው «የዐረቢያው ሎውረንስ» አቀናባሪ ያደረጋት እርሷን ነበር። ሊን ራሱ ቀድሞ አቀናባሪ ስለ ነበር፣ እንዲህ ካለው ሰው ጋር መሥራት ቀላል አልነበረም። በፊልሙ ውስጥ ሎውረንስ የሚነደውን ክብሪት እፍ ብሎ ሲያጠፋ፣ ፀሐይ ልትወጣበት ያለው በረሃ በቅጽበት ይተካል። መጀመሪያ የታሰበው አንዱ ምስል እየደበዘዘ ሌላው ቀስ በቀስ እንዲጎላ ነበር። የማደብዘዙ ሥራ በላቦራቶሪ ገና ስላልተሠራ፣ ሁለቱ ቁራጮች ለጊዜው በቀጥታ ተቀጣጥለው ታዩ። ሊንና ኮትስም ያዩትን ወደዱት፤ እርሷ ጥቂት ፍሬሞች ቀንሳ ሽግግሩን ፈጸመችው። አጋጣሚ ነው የሚል ይኖራል። አጋጣሚውን ለይቶ ማወቅና በፍሬም መመጠንስ የማን ሥራ ነው?

በዚያው ፊልም ኦማር ሸሪፍ በግመል ተቀምጦ፣ ከአድማሱ ላይ እንደ ጥቁር ነጥብ ብቅ ብሎ ወደ ውሃው ጉድጓድ ይቀርባል። ሙዚቃ የለም። ኮትስ እዚህ ላይ አልቸኮለችም፤ ተመልካቹ እንዲጠብቅና እንዲፈራ ጊዜ ሰጠችው። ከክብሪቱ ይልቅ እኔን የሚያስደንቀኝ ይህ ትዕግሥት ነው። በ1963 በዚሁ ፊልም የኦስካርን ሽልማት አገኘች።

በ1980 ደግሞ የዴቪድ ሊንችን «ዝሆኑ ሰው» አቀናበረች። ፊልሙ የአካል ጉዳተኛውን ፊት ለረጅም ጊዜ ይሸሽገናል፤ አስቀድመን የምናየው የሌሎቹን ድንጋጤና ዕንባ ነው። ውሳኔው የእርሷ ብቻ ነበር አልልም፤ ሆኖም በወጣትነቷ የተቃጠሉ ፊቶችን ስታስታምም የቆየች ሴት፣ መቼ መግለጥ እንደሚገባ ከሌላው አብልጣ ሳታውቅ አትቀርም።

ሰባ ዓመት ካለፋት በኋላ የሠራችው የስቲቨን ሶደርበርግ «አውት ኦቭ ሳይት» (1998) ሌላ ዓለም ነው። ሁለቱ ፍቅረኞች በሆቴሉ ቡና ቤት ሲነጋገሩ፣ ድምፃቸው ሳይቋረጥ በኋላ በመኝታ ክፍል የሚሆነው በመሐል በመሐል ይገባል። የሎውረንስን በረሃ ያቀናበረችው እጅ ይህችው ናት ቢሉት ማን ያምናል? የራሷን ማኅተም በየፊልሙ ለማተም አለመሻቷን አንዳንዶች እንደ ጉድለት ይቆጥሩት ይሆናል፤ እኔ ግን ሁለገብነት የምለው ይህንኑ ነው።

በ2016 የክብር ኦስካር ተሰጣት፤ በ2018 ዐረፈች። ከሌሎች ሁለት አቀናባሪዎች ጋር የሠራችው የመጨረሻ ፊልሟ በ2015 የወጣው «ፊፍቲ ሼድስ ኦቭ ግሬይ» ነው። ፊልሙን አልወደድኩትም፤ በቅንብሩ ላይ ግን የምለው የለኝም።