ስልካችን እያወቀ የማይነግረን ቀን

ደብረ ማርቆስ ላይ «ጠዋት ሁለት ሰዓት እንገናኝ» ተባብለን ስልካችንን ስናወጣ 8:00 ይለናል። ስድስት መቀነስን ለምደነዋል። የሚያስቸግረን ቀኑ ነው። እናቶቻችን «ዛሬ ስንት ነው?» ሲሉን 12 ሚካኤልን ወይም 21 ማርያምን አስበው ነው፤ ስልኩ የሚመልሰው ግን የፈረንጁን ወር ነው። የቀን መቁጠሪያ አፕ መጫን ይቻላል፤ ከላይ ያለችውን ሰዓት ግን አይለውጣትም።

የሚገርመው የስልኩ አለማወቅ አይደለም፤ ማወቁ ነው! እ.ኤ.አ. በ2016 ከወጣው አንድሮይድ 7 ጀምሮ የእኛ ዘመን አቆጣጠር ከነጳጉሜው ለፕሮግራም ጸሐፊዎች ሲስተሙ ውስጥ ተቀምጧል። ገጹ ላይ የሚያወጣው ነው የጠፋው።

ኤክስፖዝድ የሚባለው መሣሪያ የሚመጣው እዚህ ላይ ነው። ሮቮ89 በሚል ስም የሚታወቅ ፕሮግራመር እ.ኤ.አ. በ2012 አወጣው። አንድሮይድ ላይ አፕ ሁሉ የሚወለደው ዛይጎት ከተባለ አንድ እናት ፕሮግራም ነው። ኤክስፖዝድ እናቲቱ ውስጥ ይገባል፤ ልጆቹ ይዘውት ይወለዳሉ። በዚህም የአፑን ፋይል ሳይነኩ ጠባዩን መለወጥ ይቻላል። ሰውየው ለጀማሪዎች በጻፈው መማሪያ ምሳሌ ያደረገው ምን መሰላችሁ? ያችኑ የላይኛዋን ሰዓት ቀይ ቀለም መቀባት!

እሱ ለማሳያ ያቀላት ሰዓት ለእኛ የኑሮ ጉዳይ ናት። በዚያው መንገድ ስድስት ሰዓት ቀንሶ አጠገቧ «ኅዳር 21» ብሎ መጻፍ ይቻላል። ሰዓቱን በእጃችን ወደ ኋላ ብንመልሰው የመልእክቶቻችን ሰዓት ይዛባል፤ ይኼኛው ግን የሚነካው መልኳን ብቻ ነው።

መቼም በነፃ የሚገኝ ነገር የለም። ኤክስፖዝድም ሆነ እንደ ኤልኤስፖዝድ ያሉት ተከታዮቹ በተለምዶ ሩት የተደረገ ስልክ ይፈልጋሉ። ለዚያ ቡትሎደሩ ሲከፈት በአብዛኛው ስልኩ ላይ ያለው ፎቶና ፋይል ይጠፋል። ከተሳሳቱም ስልኩ አልነሳም ሊል ይችላል። አንዳንድ የባንክ አፖች ደግሞ ሩት የተደረገ ስልክ ላይ አይሠሩም።

እንግዲህ እኛ የምንለው ይኼ ነው። ኮድ የሚማር ልጅ የማይፈለግ አሮጌ ስልክ ካገኘ ይሞክርበት፤ የስልክን ሆድ ዕቃ ለማወቅ ጥሩ ትምህርት ነው። የእናቶቻችንን ስልክ ግን አንንካው። ማርያም መቼ እንደምትውል ለማየት የባንክ አፕ ማጣት የለባቸውም። ከባዱ ሥራ፣ ስሌቱ፣ አልቋል። የቀረው ሴቲንግ ውስጥ አንዲት ምርጫ መጨመር ነው። እሷን ከስልክ አምራቾች መጠየቅ የእኛ የወጣቶቹ ፈንታ ነው።