ቪክቶር ጾይ፦ ከከሰል ምድጃ እስከ ፊልም መጋረጃ

ቪክቶር ጾይ በ1962 በሌኒንግራድ፣ በዛሬዋ ሴንት ፒተርስበርግ ተወለደ (ዘመናቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። አባቱ ከኮሪያ ዘር የሚወለዱ መሐንዲስ፣ እናቱ ራሽያዊት መምህርት ነበሩ። ሥዕል መማር ጀምሮ ከትምህርት ቤት ተሰናበተ፤ የእንጨት ቅርጽ ሥራም ተማረ፤ ጊታሩን ግን አልጣለም። ከጓደኞቹ ጋር ያቋቋመው የሙዚቃ ጓድ በ1982 «ኪኖ» ተባለ፤ በራሽያኛ ሲኒማ ማለት ነው።

በዚያ ዘመን በሶቪየት ኅብረት ሥራ የሌለው ዜጋ በሕግ ይጠየቅ ስለ ነበር፣ ከመንግሥት የሙያ ዕውቅና ያላገኙ የሮክ ሙዚቀኞች በዘበኝነትና በጽዳት ሥራ ይተዳደሩ ነበር። ጾይም «ካምቻትካ» በሚል ቅጽል ስም በሚታወቅ የሕንጻ ማሞቂያ ክፍል እሳት አንዳጅ ሆኖ ተቀጠረ። አሌክሴይ ኡቺቴል በ1987 ባዘጋጀው «ሮክ» የተሰኘ ዘጋቢ ፊልም ውስጥ ከሰል በአካፋ እየዛቀ ወደ ምድጃው ሲወረውር ይታያል። የተውኔት ሰው ይህን ትዕይንት ደጋግሞ ቢያየው አይጎዳም። ሰውነቱ የሚያውቀውን ሥራ ይሠራል፤ ለተመልካች ዐይን ተብላ የተጨመረች አንዲት እንቅስቃሴ የለችም።

ሰርጌይ ሶሎቪዮቭ በዚያው ዓመት በሠራው «አሳ» ፊልም መጨረሻ ላይ ጾይ ራሱን ሆኖ ይቀርባል። የምግብ ቤቱ ኃላፊ አንድ ዘፋኝ ሊያሟላ የሚገባውን ደንብ አንቀጽ በአንቀጽ ታነብባለች፤ እሷ እያነበበች ሳለች እሱ ተነሥቶ ወደ መድረክ ይሄዳል። ዜማው ሲጀመር ጠባቡ አዳራሽ ቀርቶ እልፍ ሕዝብ በቦታው ይታያል። ቢሮክራሲን ለመንቀፍ ስንት ረጃጅም ቃለ ተውኔት ተጽፏል! ያቺ አካሄድ ከብዙዎቹ ትበልጣለች።

ዋናው የትወና ሥራው ግን በ1988 በአልማ አታ የተሠራው «መርፌ» ነው። አዘጋጁ ራሺድ ኑግማኖቭ ገና የፊልም ትምህርቱን ያልጨረሰ ወጣት ነበር። ጾይ የሚጫወተው ሞሮን ነው፤ ሞሮ ወደ ከተማዋ ሲመለስ የቀድሞ ወዳጁ ዲና የአደንዛዥ ዕፅ ባሪያ ሆና ያገኛታል። ከመርዙ ሊያርቃት ወደ አራል ባሕር ይወስዳታል፤ ባሕሩ ግን ደርቋል፤ መርከቦች በአሸዋ ላይ ተጋድመዋል። ዕፁን የሚያቀብለውን ሐኪም የሚጫወተው ፒዮትር ማሞኖቭም የሮክ ዘፋኝ ነበር። ማሞኖቭ ገጸ ባሕርዩን በድምፅና በአካል ሲያወዛውዘው፣ ጾይ ይቆማል፤ ያያል፤ ጥቂት ይናገራል። የሠለጠነ ተዋናይ ስሜቱን ለማሳየት በሚቸኩልበት ቦታ፣ እሱ ለተመልካች ይተወዋል። እርግጥ አነጋገሩ ጉድለት አለው፤ በቴአትር መድረክ ቢሆን ከሦስተኛው ረድፍ ባላለፈ ነበር። ለካሜራ ግን በቃ፤ የ«ሶቪየትስኪ ኤክራን» መጽሔት አንባቢዎችም የ1989 ምርጥ ተዋናይ ብለው መረጡት።

በፊልሙ ፍጻሜ ሲጋራ ለመለኮስ እሳት የጠየቀው ሰው ሞሮን በጩቤ ይወጋዋል። ሞሮ በበረዶው ላይ ይንበረከካል፤ ከዚያም ተነሥቶ ይሄዳል።

ጾይ ኦገስት 15 ቀን 1990 በላትቪያ አውራ ጎዳና ላይ መኪናው ከአውቶቡስ ጋር ተጋጭታ ሞተ፤ 28 ዓመቱ ነበር። ከሁለት ወር ባነሰ ጊዜ በፊት በሞስኮ የሉዥኒኪ ስታዲየም ዘፍኗል። ድምፁ በክር ተቀድቶ ቀርቶ ስለ ነበር፣ የ«ኪኖ» ባልደረቦች የጎደለውን ሙዚቃ ሞልተው የመጨረሻውን አልበም አወጡ፤ ሽፋኑንም ጥቁር አደረጉት።