ሁለት ዛፍ ስለመውጣት

«ሁለት እግር አለኝ ተብሎ ሁለት ዛፍ አይወጣም» ይላል ያገራችን ሰው። በአንድ ላፕቶፕ ላይ ዊንዶውስንም ሊኑክስንም ልናኖር ማሰባችንን የሰሙ የዶርም ልጆች ይህንኑ ተረት መዘዙብን። ተረቱን አንክድም። ኮምፒዩተሩም እኮ ሁለቱን ዛፍ ባንድ ጊዜ አይወጣም፤ ሲነሣ አንዱን ይወጣል፣ ከዚያ ወርዶ ሲያበቃ ሌላውን ይወጣል። ጠቡ ያለው ዛፉ ላይ ሳይሆን ግንዱ ሥር ነው፤ ማን ይቅደም በሚለው ላይ።

ለመሆኑ ሁለት ለምን አስፈለገን? ለቅንጦት አይደለም። አራት ሆነን የምንጠቀምባት ላፕቶፕ አሮጌ ናት። የዊንዶውስ 10 መደበኛ ድጋፍ እ.ኤ.አ. ኦክቶበር 14 ቀን 2025 አብቅቷል፤ ዊንዶውስ 11 የሚጠይቀው የደኅንነት ቺፕ ደግሞ የእኛዋ ላይ የለም። ታዲያ ዊንዶውስን ነቅለን ሊኑክስን ብቻ እንዳንተክል፣ ለመመረቂያ ጽሑፋችን የያዝነው የቃል ግጥም ስብስብ ከእኛ በፊት የነበሩ ተማሪዎች በድሮ የግዕዝ መጻፊያ ፕሮግራም የተየቡት ነው። ፊደላችን ወደ ዩኒኮድ የገባው እ.ኤ.አ. በ1999 ነው። የድሮዎቹ ፕሮግራሞች የግዕዙን ቅርጽ በላቲን ፊደል ቁጥር ላይ እየደረቡ ይሠሩ ስለነበር፣ የራሳቸው ፎንት በሌለበት ገጹን ብትከፍቱት የምታዩት የላቲን ፊደልና የምልክት ዝባዝንኬ ነው። ይኸኛው ፕሮግራም የተሠራው ለዊንዶውስ ብቻ ነው። ስለዚህ አሮጌው ቤት ለአሮጌው ሰነድ፣ አዲሱ ቤት ለኢንተርኔቱና ለዕለት ሥራው ብለን ወሰንን። ስብስቡ ቢጠፋ ግን ምትክ የለውም፤ ግጥሙን ከነገሩት ሽማግሌዎች ዛሬ በሕይወት የሌሉ አሉና።

እንግዲህ የጠቡን ሥር እንይ። በድሮው አሠራር ከዲስኩ መግቢያ ላይ 512 ባይት ብቻ የምትይዝ አንዲት ቁራሽ ቦታ አለች። 446ቱ ባይት ለማስነሻው ፕሮግራም፣ 64ቱ የዲስኩን አከፋፈል ለሚገልጸው ሰንጠረዥ፣ የቀሩት 2 ለማረጋገጫ ምልክት ናቸው። ወንበሯ አንዲት ስለሆነች ኋላ የመጣው የፊተኛውን አስነሥቶ ይቀመጥባታል። ዊንዶውስ ሲጫን ሌላ መኖሩን ሳይጠይቅ የራሱን ማስነሻ ይጽፍባታል። ሊኑክስ ግን ብዙውን ጊዜ ግረብ የሚባል በር ጠባቂ ይዞ ይመጣል፤ ግረብም ዝርዝር ዘርግቶ ወዴት እንደምንሄድ ይጠይቀናል። «ዊንዶውስ ይቅደም፣ ሊኑክስ ይከተል» የሚባለው ከዚህ የተነሣ ነው። ደግሞም ማስነሻው ተደመሰሰ ማለት ሰነዱ ጠፋ ማለት አይደለም፤ በሩ ተዘጋ እንጂ ዕቃው ቤት ውስጥ ነው።

ዩኢኤፍአይ የሚባለው አዲሱ አሠራር ነገሩን አቅልሎታል። ዲስኩ ላይ አንዲት ትንሽ የጋራ ክፍል ትከለላለች፤ እያንዳንዱ ሲስተም በዚያች ውስጥ የራሱን ፎልደር ይዞ ማስነሻውን ያስቀምጣል። ማን ይቅደም የሚለው ተራ ደግሞ በማዘርቦርዱ ላይ ይጻፋል። ተራው አንዳንዴ ከዝመና በኋላ ሊለወጥ ይችላል፤ ያን ጊዜ ወደ ማዘርቦርዱ ማስተካከያ ገብቶ መመለስ ነው፣ ሌላ መዘዝ የለውም።

አደራረጋችን ይኸው። በመጀመሪያ ስብስቡን በሁለት ፍላሽ ገለበጥንና አንዱን ከግቢ ውጭ አስቀመጥን። የዊንዶውስን ድርሻ ያጠበብነው በራሱ በዊንዶውስ የዲስክ ማስተካከያ ነው። የሊኑክሱን ፍላሽ ያስነሣነው ዊንዶውስ በሚነሣበት በዩኢኤፍአይ መንገድ ነው፤ አንዱ በአዲሱ፣ ሌላው በድሮው መንገድ ከተጫነ በር ጠባቂው ሁለቱን ማገናኘት ያቅተዋልና። የጋራዋን ክፍል ፎርማት አላደረግናትም፤ የሁለቱም ቁልፍ ያለው እርሷ ዘንድ ነው።

ቀጥሎ የዊንዶውስን ፈጣን መነሻ አጠፋን። ይህ ነገር እ.ኤ.አ. በ2012 ከዊንዶውስ 8 ጋር የመጣ ነው። «ጠፋሁ» ይላችኋል እንጂ በደንብ አይጠፋም፤ የሥራውን ግማሽ ዲስኩ ላይ አስተኝቶ ነው የሚሄደው። ባለቤቱ በሩን ገርበብ አድርጎ በሄደበት ቤት ሊኑክስ ገብቶ ዕቃ ቢያዘዋውር ሰነድ ሊበላሽ ይችላል። ለዚህም ነው ሊኑክስ ያንን ክፍል ብዙ ጊዜ ለማንበብ ብቻ የሚከፍተው።

ከሁሉ የሚያስቀው የሰዓቱ ነገር ነው። ሊኑክስ የማሽኑን ሰዓት በዓለም አቀፉ ሰዓት ይሞላል፤ ዊንዶውስ ያንኑ እንዳገር ቤት ሰዓት ያነበዋል። በእኛና በዓለም አቀፉ መካከል 3 ሰዓት ስላለ፣ ከሊኑክስ ወጥተን ዊንዶውስ ስንገባ ከምሽቱ 2 ሰዓት የነበረው ከቀኑ 11 ሰዓት ሆኖ ይቆየናል። ምን አለፋችሁ፣ ካፌ ተመልሶ ይከፈት ይመስል! ሊኑክስ የማሽኑን ሰዓት እንዳገር ቤት እንዲይዝ በአንዲት ትእዛዝ ሲነገረው ግን ሁለቱ ተስማሙ።

ሁለቱ ሲስተሞች አይዋደዱም፤ መዋደድም አያሻቸውም። ወሰናቸው ይታወቅ፣ በር ጠባቂያቸው አንድ ይሁን፣ የሚወጣው በሩን ዘግቶ ይውጣ፤ ይበቃል። አሁን ማታ ማታ በተራ ዊንዶውስ እየገባን አሮጌውን ገጽ እንከፍታለን፤ ወደ ዩኒኮድ የተለወጠውንም ከዋናው ጋር እያስተያየን ፊደል በፊደል እናርማለን። የመጨረሻው ግጥም የተገለበጠ ዕለት አሮጌው ቤት ሥራውን ይጨርሳል። እስከዚያው ግን፣ ተረቱ ይቅር ይበለንና፣ ሁለቱንም ዛፍ በየተራ እንወጣለን።