ቼ በለው፣ ያለ ቃል

«ቼ» ምን ማለት ነው? ተርጉሙ ብንባል የምንመልሰው የለንም። ፈረሱ ግን ሰምቶ ይሄዳል። ዋልያስ ባንድ እንደ ኤሮፓ አቆጣጠር በ1977 በትልቅ ሸክላ ያወጣውን ሥራ «ቼ በለው» ብሎ ሲሰይም ይህንን አስቦ ነው አንልም፤ ስሙ በውስጡ ካሉት ዜማዎች የአንዱ ስም ነው። ቢሆንም ለእኛ፣ ሸክላው ከወጣ ከሃያ ዓመት በላይ ቆይተን ለተወለድነው የሊሙ ልጆች፣ ከዚህ የተሻለ ስም አይገኝለትም። ትርጉሙን ሳይነግር የሚያስኬድ ነገር ነውና።

እኛ ስንል አምስት ነን። ከሊሙ ገነት ወጥተን በተለያዩ ዩኒቨርሲቲዎች የተበተንን፤ ሁለቱ ቤታቸው ኦሮምኛ ብቻ የሚነገርበት፣ አንዱ አያቱ ከወሎ የመጡ፣ አንዷ እናቷ ዳውሮ፣ አንዱ ደግሞ «እኔ የቡና ልጅ ነኝ» ከማለት በቀር ሌላ መልስ የማይሰጥ። በሠፈራችን ይህ ሁሉ ዝርዝር ነገር አልነበረም። ቡና ባለበት አገር ሰው ከየትም ይመጣል፤ ለለቀማ መጥቶ የሚቀር፣ ለአንድ ዓመት ብሎ ሠላሳ ዓመት የሚኖር ሞልቷል። ዝርዝር ነገር የሆነው ዩኒቨርሲቲ ስንገባ ነው።

በ2012 ዓ.ም. ኅዳር ግድም በየዩኒቨርሲቲው ግጭት ተነሥቶ ብዙ ተማሪ ሻንጣውን አንጠልጥሎ ወደየቤቱ ሲመለስ፣ እኛም ተመለስን። ወሩ ደግሞ እሸት ቡና የሚለቀምበት ወር ነው። ቀን ቀን ከቤተሰብ ጋር ስንለቅም፣ ማታ ማታ ከማጠቢያው በላይ ባለችው የእትዬ ሻይ ቤት እንሰበሰብ ነበር። እንሰበሰብ ነበር እንበል እንጂ መሰብሰባችን እንደ ድሮው አልነበረም። አንዱ ከወለጋ ነው የመጣው፣ አንዱ ከጎንደር። ያየነውን ሁሉም ያውቃል፤ ማንም አያወራም። በጣም ያስቸገረን ግን ወሬው ሳይሆን ዘፈኑ ነበር።

አንባቢ ይህን ነገር እንደ ቀላል አይየው። እትዬ አንዲት ድምፅ ማጉያ አለቻት፤ ስልክ ያለው ሰው ያገናኝና ያሰማል። አንዱ የኦሮምኛ ዘፈን ሲከፍት ሌላው ስኒውን ያስቀምጣል። ሌላው የአማርኛ ሲከፍት አንዱ «ቆይ መጣሁ» ብሎ ይወጣና ሳይመለስ ይመሻል። ስለ ፍቅር ብቻ የሚያወራ ዘፈን እንኳ ቢሆን! የዘፋኙ ስም ይጠየቃል፤ ከዚያ ዘፋኙ የትኛው ሰልፍ ላይ ዘፍኖ ነበር ይባላል፤ ከዚያ ዝምታ። ከልጅነታችን ጀምሮ አብረን የጨፈርንባቸው ዜማዎች ሁሉ በአንድ ወር ውስጥ መታወቂያ አወጡ።

«ቼ በለው»ን ያመጣችው የዳውሮዋ እኅታችን ናት። አጎቷ ከአዲስ አበባ በፍላሽ የሰጣት የዘፈን ክምር ውስጥ ተደባልቆ ነበር። ሆን ብላ አይደለም የከፈተችው፤ ተራውን ጠብቆ መጣ። ባሱ ጀመረ፣ ኦርጋኑ ገባ፣ ሁላችንም የሚዘፍነውን ሰው እንጠብቃለን። ማን እንደሆነ ካወቅን በኋላ ፊታችንን ልናጠቁር ወይ ልናበራ ተዘጋጅተናል። ሰውየው አልመጣም። ዜማው አለቀ፣ ሌላው ተተካ፤ አሁንም የለም። ጥግ ላይ ተቀምጠው የነበሩ አንድ አዛውንት «ይሄ የሬዲዮ ነው፤ ከዜና በፊት ይሰማ ነበር» አሉ። እንግዲህ ከዚያ ማታ ጀምሮ የቤቱ ሙዚቃ እሱ ሆነ። ጥሩ ነው ብሎ የወሰነ ሰው የለም። ብቻ ማንም «ቀይረው» አላለም፤ በዚያ ሰሞን ይህ ትልቅ ነገር ነበር።

ኋላ ነው እነማን እንደሆኑ ያነበብነው። ኦርጋን ኃይሉ መርጊያ፣ ፒያኖ ግርማ በየነ፣ ባስ ጊታር መላከ ገብሬ፣ ጊታር ማህሙድ አማን፣ ሳክስፎን ሞገስ ሀብቴ፣ ጡሩንባ ዮሐንስ ተኮላ፣ ድራም ተማረ ሐረጉ። በእንግድነት ደግሞ ሙላቱ አስታጥቄ በቫይብራፎን። ያሳተመላቸው ካይፋ ሪከርድስ ነው። የዜማዎቹ ስም ዝርዝር ራሱ አንድ አገር ነው፤ «ሎሚ ተራ ተራ» አለ፣ «ብርቱካኔ» አለ፣ በትግርኛ «እቲ ጓል ብሌናይ» አለ፣ «አዋሳ አዋሳ» አለ። ግማሹ ሰዉ ድሮ የሚያውቀው ዜማ ነው፤ ቃሉን አውጥተው በቦታው መሣሪያ አስገቡበት። እዚህ ላይ የእኛ አስተያየት ይኸውና፤ ቃሉን ማውጣታቸው ዜማውን ባለቤት አልባ አላደረገውም፤ ባለቤቱን አበዛው እንጂ።

ከሁሉ የበለጠው «ሙዚቃዊ ስልት» ነው። የግርማ በየነ ድርሰት ነው። ባሱ አንዲት አጭር ሐረግ ይዞ ይመላለሳል፣ እንደ ሙቀጫ ነው፤ ቡና የሚወቅጥ ሰው እጁን ሳያስብ እንደሚያነሣው። ትንፋሾቹ አንድ ላይ ሆነው ከላይ ዜማውን ይጥሉና ዝም ይላሉ። በዝምታቸው ውስጥ ኦርጋኑ ይናገራል፤ ይንተባተባል ብንል ይሻላል፣ እልህ እንደያዘው ሰው። ምንም አይቸኩሉም። ሙዚቃው ሲያልቅ የተፈታ ነገር የለም፤ እንደገና መክፈት ብቻ ነው ያለው። ይህቺ ዜማ ስንት አገር ዞረች! እንደ ኤሮፓ አቆጣጠር በ1998 የኒውዮርክ ሙዚቀኞች «ዳክታሪስ» የሚል ስም አውጥተው፣ የናይጄሪያ ባንድ መስለው አንድ አልበም አወጡ፤ በውስጡ ያለችው ግን የእኛዋ «ሙዚቃዊ ስልት» ናት። አሜሪካኖች ናይጄሪያዊ መስለው የኢትዮጵያን ዜማ ሲጫወቱ አስቡት እስኪ። ይህን ስናነብ በጣም ሳቅን፤ ከተመለስን ወዲህ አምስታችንም አብረን ስንስቅ የመጀመሪያው ነበር።

ሳቁ ግን አልቆየም። «የቡና ልጅ ነኝ» የሚለው ጓደኛችን አንድ ማታ ተነሥቶ፣ «ኧረ ተዉን! ቃል የሌለው ዘፈን የፈሪ ዘፈን ነው። እኛም የምንወደው ስለ ፈራን ነው» አለ። ዝም አልነው። እውነት አለው እኮ! ሸክላው የወጣበትን ዓመት ቁጠሩት። 1977 ማለት ቀይ ሽብር የወረደበት ዓመት ነው፤ የእኛን ዕድሜ ያህል ልጆች ሬሳ መንገድ ላይ የሚያድርበት። የግጥም ቃል ሁሉ በሳንሱር ማለፍ ነበረበት። ሰዓት እላፊ ነበር፤ ጨፋሪው ማታ ገብቶ ቤቱ ይቆለፋል፣ እስኪነጋ መውጣት የለም፣ ባንዱም እስኪነጋ ይጫወታል። ታዲያ ውጪ ያ ሁሉ እየሆነ፣ ውስጥ «ሎሚ ተራ ተራ»ን በኦርጋን መጫወት ምን ይባላል?

አንዳንድ ጸሐፊ ይህን ሙዚቃ የተቃውሞ ሙዚቃ ሊያደርገው ይሞክራል። እኛ አንስማማም። ዋልያዎቹ የሆቴል ሙዚቀኞች ነበሩ፤ ለዓመታት በአዲስ አበባ ሂልተን ለበላተኛና ለጨፋሪ የተጫወቱ፣ በሥራቸው እንጀራ የበሉ። ጀግና አላልናቸውም፤ እነሱም አላሉም። ግን ፈሪ ማለትስ? እስኪነጋ ድረስ በተቆለፈ ቤት ውስጥ ያለ ሰው የሚፈልገው ንግግር አይመስለንም። የሚፈልገው ሌሊቱ እንዲሄድለት ነው። ባሱን የሚመላለስ አድርገው የሠሩት ለዚህ ይሁን አይሁን አንልም፤ ግን ሌሊት ያስኬዳል፤ በእትዬ ቤት ሞክረነዋል።

ሌላም ነገር አለ፤ ይህ ደግሞ ጓደኛችንን ጸጥ ያሰኘው ነው። በዚያን ዘመን ብዙው ባንድ የሚጫወትበት መሣሪያ የምሽት ክበቡ ባለቤት ንብረት ነበር። ዋልያዎቹ ከቬነስ ክበብ ወጥተው ባንድ ሲመሠርቱ መሣሪያውን የራሳቸው አደረጉ። ይህ ለከተማ ሰው ምን ይመስለው ይሆን? ለቡና አገር ሰው ግን ማብራሪያ አያሻውም። እሸት ቡና የለቀመ ገበሬ ማጠቢያ ከሌለው በዚያው ቀን መሸጥ አለበት፤ ካደረ ለማጠቢያ አይሆንም። ወይ በተሰጠው ዋጋ ይሸጣል፣ ወይ ወስዶ ጀንፈል ያደርጋል። ማጠቢያ ያለው ሰው ግን ይጠብቃል። የዋልያዎቹ ሙዚቃ እንደዚያ ነው፤ ሊጠብቅ የሚችል ሰው ሙዚቃ። ያ አለመቸኮላቸው ከየት መጣ ብለን ስንከራከር ከርመን፣ ቢያንስ አንዱ መልስ ይህ ነው አልን። ጓደኛችን አባቱ ማጠቢያ የላቸውም። «እሱስ ልክ ነው» ብሎ ተቀመጠ።

ከዚያ በኋላ የሆነው አጭር ነው፣ ያሳዝናልም። በ1981 እንደ ኤሮፓ ባንዱ ወደ አሜሪካ ሄደ፤ ከኢትዮጵያ ዘመናዊ ባንዶች የመጀመሪያው ነው ይባላል። አሜሪካኖች ያዩናል ያሉት፣ የመጣላቸው ግን አብዛኛው ስደተኛ የአገር ልጅ ነበር። አራቱ ኃይሉ፣ ግርማ፣ ሞገስና መላከ እዚያው ቀሩ። ሌሎቹ ተመለሱ። ኃይሉ መርጊያ ዋሽንግተን ታክሲ እየነዳ፣ ኪቦርዱን መኪናው ውስጥ ይዞ፣ ተሳፋሪ በሌለበት ሰዓት ሲለማመድ ዓመታት አለፉ። በ1985 ብቻውን አኮርዲዮን ይዞ የሠራውን ካሴት አንድ አሜሪካዊ ባሕር ዳር ላይ አግኝቶ በ2013 ደግሞ አሳተመለት፤ ሰውየው በስተርጅና እንደገና ዓለምን ዞረ። ግርማ በየነም ሙዚቃውን ትቶ ብዙ ዓመት ነዳጅ ማደያ ከሠራ በኋላ በ2017 አካሌ ውቤ ከተባለ የፈረንሳይ ባንድ ጋር አዲስ አልበም አወጣ። እነዚህ ሰዎች ስማቸው ከተረሳ በኋላ ሙዚቃቸው ብቻውን ሲሄድ ነበር፤ ባለቤቱ የወረደለት ፈረስ ይመስል።

እኛም በየፊናችን ተመለስን። ዶርም ውስጥ ማን ምን ይከፍታል የሚለው ጭቅጭቅ አልቀረም፤ ሸክላው አስታረቀን ብለን አንዋሽም። ሁለቱ ጓደኞቻችን ያን ዓመት የተቀያየሙበት ነገር ገና አልተነጋገሩበትም፤ ግን አንድ ቤት ይቀመጣሉ። «የቡና ልጅ» ለ«ሙዚቃዊ ስልት» በኦሮምኛ ግጥም ልጻፍለት ብሎ ጀምሮ ነበር። ሦስት ጊዜ አሰማን። በሦስተኛው እኅታችን «ይቅርብህ፣ ቦታ የለውም» አለችው፤ ተቆጣ፣ ኋላ ግን ወረቀቱን አጥፎ ኪሱ ከተተው።

እትዬ ደግሞ «ያንን ነገር ጫኑልኝ» ብላን በራሷ ፍላሽ ጫንንላት። አሁን ከሰዓት በኋላ ቡና ስትቆላ የምትከፍተው እሱን ነው። ባለፈው ክረምት አንድ የጭነት መኪና ሾፌር ገብቶ ሻይ አዘዘና ሁለት ሦስት ዜማ ያህል ሲያዳምጥ ቆይቶ፣

«እናቴ፣ ዘፋኙ መቼ ነው የሚጀምረው?» አላት።

«ጠጣና ጠብቅ» አለችው።