ከ17 ዓመት በኋላ የተንኳኳ በር

እኔ የምለው፣ የጀመራችሁትን ሥራ ወታደር ቢቀማችሁ ከ17 ዓመት በኋላ ተመልሳችሁ ትፈልጉታላችሁ? አብዛኞቻችን “እሱማ አለፈ” ብለን ሌላ ሥራ እንይዛለን። ብራዚላዊው ፊልም ሠሪ ኤድዋርዶ ኩቲኞም ሌላ ሥራ ይዞ ነበር። እንጀራ ነዋ!

ነገሩ እንዲህ ነው። በሰሜን ምሥራቅ ብራዚል የገበሬዎች ማኅበር መሪ የነበረው ዡዋዎ ፔድሮ ቴይሼራ እ.ኤ.አ. በ1962 በጥይት ተገደለ። ኩቲኞ ታሪኩን በፊልም ሊሠራ ተነሳ። ተዋንያኑ ገበሬዎች ናቸው። የሟች ሚስት ኤሊዛቤትም ራሷን ሆና ትጫወታለች። እስቲ አስቡት፤ ባሏ ከሞተ ገና ሁለት ዓመት አልሞላውም! ቀረጻው ሳይጋመስ እ.ኤ.አ. በ1964 መፈንቅለ መንግሥት ሆነ። ወታደሮች መጥተው ዕቃውን ወሰዱ፤ የቻለ አመለጠ፣ ያልቻለ ታሰረ። ደግነቱ የተቀረጸው አብዛኛው ለእጥበት ሪዮ ተልኮ ስለነበር ተረፈ።

ኩቲኞ ቴሌቪዥን ጣቢያ ተቀጥሮ ዘጋቢ ፊልም ሲሠራ ከረመ። እ.ኤ.አ. በ1981 ግን ያንን ትራፊ ፊልም ተሸክሞ ወደ ገበሬዎቹ ተመለሰ፤ ሰብስቦም የዱሮ መልካቸውን አሳያቸው።

ኤሊዛቤትስ? ስሟን ቀይራ፣ ማርታ ተብላ፣ አንዲት ትንሽ ከተማ ተደብቃ ልጆች ታስተምራለች። ከወለደቻቸው 11 ልጆች አብሯት የሸሸው አንዱ ብቻ ነው፤ ሌሎቹ በየዘመዱ ተበትነዋል። እናት ናት እንግዲህ! “ልጆቼ እንዴት ናቸው?” ብሎ መጠየቅ እንኳ ራስን ማጋለጥ ሆኖባት ኖራለች።

ካሜራው ፊት መጀመሪያ ስትቀመጥ አንዱ ልጇ አጠገቧ አለ። ቃሏን እየመረጠች፣ ለፕሬዚዳንቱ ምስጋና ሁሉ ታቀርባለች። እኔ አልፈርድባትም። ሌላ ፊልም ሠሪ ቢሆን “ይበቃናል” ብሎ ዕቃውን ይሸክፍ ነበር። ኩቲኞ ግን ይቆያል፣ ያዳምጣል። እ.ኤ.አ. በ2002 በወጣው ፊልሙም ያው ነው፤ ኮፓካባና ውስጥ 276 አፓርትመንት ያለው ሕንፃ ገብቶ ተራ ነዋሪዎችን ሲያዳምጥ ታዩታላችሁ። ጥያቄው ከመልሱ የሚረዝም ጠያቂ በበዛበት አገር ይህን ማየት እንዴት ደስ ይላል መሰላችሁ!

እ.ኤ.አ. በ1984 ለሕዝብ በቀረበው ፊልም መጨረሻ ላይ ስንብት ሆኗል። መኪናው ሊነሳ ነው። ኤሊዛቤት ከመኪናው አጠገብ ቆማ መናገር ጀመረች። አሁን ማርታ የለችም። ረሃቡ ያው፣ የሠራተኛው ደመወዝ ያው፣ ስለዚህ ትግሉ አላለቀም ትላለች፣ ድምጿን ሳትቀንስ። ካሜራው፣ ደግነቱ፣ አልተዘጋም።