ሳይቆጣ የሚመክር ፊልም



እኛ የድሬዳዋ ሰዎች ስለ ጫት ያልሰማነው ምክር የለም። ከአወዳይ ተጭኖ የደንገጎን ቁልቁለት ወርዶ ይመጣል፤ ከፊሉ እዚሁ ይቀራል፤ ከፊሉ ወደ ጅቡቲ ያልፋል። ቀትር ላይ ሙቀቱ ሲበረታ ሱቁ ይዘጋና በርጫው ይጀመራል። አባት ከጓደኞቹ ጋር ፍራሹ ላይ ጋደም ሲል፣ ልጅ ለስላሳና ሲጋራ ሊገዛ ይላካል። እናት ትቆጣለች፤ ሽማግሌም ይገሥጻል። ሰሚ ግን የለም።

ታዲያ ከጎረቤታችን ከሐረር የወጣ አንድ ዘጋቢ ፊልም ሳይቆጣ ብዙ ነገረን። ርእሱ «ፋያ ዳዪ» ይባላል፤ ሠሪዋ ጀሲካ በሽር ናት። አባቷ ኢትዮጵያዊ፣ እናቷ ሜክሲኳዊት ሲሆኑ ያደገችው ሐረር ነው። በአፍላ ዕድሜዋ በአገሪቱ በነበረው የፖለቲካ ሁከት ምክንያት ተሰደደች። ከዓመታት በኋላ ስትመለስ፣ ቡናና ሌላ ሰብል የነበረበትን ማሳ ጫት ወርሶት አገኘችው።

ካሜራዋን ይዛ ለ10 ዓመታት ያህል ተመላለሰች። ዳይሬክተሯም፣ ፕሮዲውሰሯም፣ ቀራጭዋም ራሷ ነበረች። በግሉ ፊልም የሚሠራ ሰው ትልቁ ሀብቱ ትዕግሥት ነው። ሰዎች እስኪለምዱትና የልባቸውን እስኪያጫውቱት ድረስ ይጠብቃል።

ፊልሙ ጥቁርና ነጭ ነው። የዘላለም ሕይወት ስለሚሰጥ ውኃ በሚወራ የሱፊዎች ተረት ይጀምርና ጫት ቆራጮችንና አሳሪዎችን ያሳየናል። በመካከሉ አንድ ታዳጊ ልጅ አለ። ጫት ለሚቅሙ ሰዎች ይላላካል፤ ከቃሚ አባቱ ጋር ይጋጫል፤ ልቡም ስደትን ያስባል። ፊልሙ በማንም ላይ አይፈርድም፤ ያሳያል እንጂ።

ይህ ሥራ እ.ኤ.አ. በ2021 በአሜሪካው የሰንዳንስ ፌስቲቫል ታይቶ፣ በዚያው ዓመት በስዊዘርላንዱ «ቪዥን ዱ ሬኤል» ፌስቲቫል ታላቁን ሽልማት አግኝቷል። እኛን የነካን ግን ሽልማቱ አይደለም። ያ ታዳጊ የማን ልጅ ነው? ከከዚራ እስከ መጋላ በየቤታችን የሚላላከው የእኛው ልጅ አይደለምን?

ወላጆች ሆይ! ልጅ የምንመክረውን ይረሳ ይሆናል፤ የምናደርገውን ግን ቁጭ ብሎ ያያል፤ በልቡም ይይዘዋል። ነገ ቀትር ላይ «ሂድና ጫት ግዛልኝ» ከማለታችን በፊት፣ ምን እያስተማርነው እንደሆነ እናስብ።

አላህ ልጆቻችንን ይጠብቅልን። አሚን።