አሲያ አብደልመጂድን መድረክ ላይ ያያችሁ

ካላክላ ሰፈር ስኖር ካርቱም አንድ ከተማ አልመስል ትለኝ ነበር። ከለፋ ገበያ ተነስቶ መሐል ከተማ መድረስ አንድ ጉዞ ነው። ከዚያ ሰማያዊውን ናይል፣ የኛኑ ዓባይ፣ ተሻግሮ ባሕሪ መግባት ደግሞ ሌላ አገር እንደመሄድ ይቆጠራል። እዚያ ማዶ፣ ከሱዳን ቴአትር ፈር ቀዳጆች አንዷ ሕፃናት እያስተማሩ እንደሚኖሩ የሚነግረኝ አላገኘሁም። ስማቸውን የሰማሁት በሞቱ ሰሞን ነው።

አሲያ አብደልመጂድ ይባላሉ። የሱዳን የመጀመሪያዋ ሙያተኛ የመድረክ ተዋናይት ናቸው። እ.ኤ.አ. በጥቅምት 1964 ሕዝቡ አደባባይ ወጥቶ የጄኔራል ኢብራሂም አቡድን ወታደራዊ አገዛዝ ጣለ። በ1965 የአብዮቱ መታሰቢያ ሲከበር ኦምዱርማን ባለው ብሔራዊ ቴአትር «ፓምሲካ» የተባለ ተውኔት ቀረበ። አሲያ በሕዝብ ዘንድ የታወቁት በዚያ ነው፤ ዕድሜያቸው ገና በሃያዎቹ መጀመሪያ።

በዚያ ዘመን ሴት ልጅ መድረክ መውጣቷ ምን እንደሚያስከፍላት ለሐበሻ ማስረዳት አያስፈልግም። በኛም አገር ወንዶች ቀሚስ ለብሰው የሴት ገጸ ባሕርይ የሚጫወቱበት ጊዜ ነበር። ለአስናቀች ወርቁ ቆሞ ያጨበጨበ አባት ሁሉ የገዛ ልጁን ለቴአትር ቤት አይሰጥም ነበር።

አሲያ በኋላ መድረኩን ትተው አስተማሪ ሆኑ። ያነበብኳቸው ዜናዎች ይህን ሁሉ በአንድ ሁለት ዓረፍተ ነገር ያልፉትና «የገጣሚው የመሐመድ አል-ፈይቱሪ ባለቤት» ይላሉ። ፈይቱሪ ትልቅ ገጣሚ ነው፣ ክብሩን አልነሳውም። ግን ያንገበግበኛል፤ በሌላ አገርም የደረሰ ነገር ነው። ጀርመን ውስጥ ሜታ ቮልፍ የምትባል ተዋናይት ነበረች፤ አይሁዳዊት በመሆኗ ናዚዎች ከመድረክ አገዷት። ባሏ ዮአኪም ጎትሻልክ ግን የታወቀ የፊልም ተዋናይ ሆነ፤ ሚስቱን እንዲፈታ ቢጠይቁትም እምቢ አለ። እ.ኤ.አ. በኅዳር 1941 እሷና ትንሹ ልጃቸው ሊጋዙ ሲሉ ሦስቱም አብረው ሕይወታቸውን አጠፉ። ዛሬ ሜታን የሚያነሳት ሰው የሚያነሳት የጎትሻልክ ሚስት ብሎ ነው። የተጫወተችውን የሚጠይቅ የለም። ጦርነት ሲመጣ ተዋናይት በባሏና በአሟሟቷ ብቻ ትታወሳለች።

የካርቱሙ ጦርነት የጀመረው ሚያዝያ 7 ቀን 2015 ዓ.ም. ነው። እኛ ካላክላ ውስጥ ከመስኮት ርቀን ወለል ላይ እንተኛ ነበር፤ ውሃ የሚቀዳው ተኩሱ ጋብ ሲል ነው፣ ስልክ ሲሠራ የሚደወለው ማን በመተማ በኩል እንደወጣ ለመጠየቅ ነው። ሚያዝያ 25 ጠዋት ባሕሪ ውስጥ ሠራዊቱና ፈጥኖ ደራሽ የሚባለው ኃይል ሲታኮሱ አሲያን ቤታቸው ውስጥ ጥይት አገኛቸው። የ80 ዓመት አዛውንት ነበሩ። የሰባት ቀን ተኩስ አቁም ይጀመራል የተባለው በማግስቱ ነበር።

ወደ መቃብር ቦታ መውሰድ አልተቻለም፤ መንገዱ ሁሉ ተኩስ ነው። ቤተሰቦቻቸው በሰዓታት ውስጥ፣ መጨረሻ ላይ ይሠሩበት በነበረው ሙአለ ሕፃናት ግቢ ቀበሯቸው። ይህን ሳነብ ብዙ ጊዜ ቆምኩ። ልጆች የሚሮጡበት አፈር ነው። በኛ ወግ ለቀስተኛ ሳይሞላ፣ ድንኳን ሳይተከል የሚሸኝ ሰው አንጀት ይበላል፤ በሱዳኖችም ወግ እንዲሁ ነው። ካላክላ ሳለሁ ለማላውቀው ሟች እንኳ ጎረቤቶቼ ለቅሶ ይዘውኝ ይሄዱ ነበር። ለኚህ እናት ግን ከተማው መውጣት አልቻለም።

ኦምዱርማን ቴአትር ቤት ገብታችሁ አሲያን መድረክ ላይ ያያችሁ የቆያችሁ የካርቱም ሐበሾች፣ ወይም ያየ አባትና እናት ያላችሁ፣ እባካችሁ እንዴት ይጫወቱ እንደነበር ንገሩን። ድምፃቸው ምን ይመስል ነበር? ሲወጡ ሰዉ ምን ይል ነበር? አሟሟታቸውን ሁላችንም ሰምተናል።